ሕዝብ የሚሸከም ብቻ

የከተማው የትራንስፖርት ሹም አቶ ዘርጋው፣ በአውቶቡስ መስመር ሕዝብ ከሚሸከም በቀር ማንም እንዳይገባ የሚል ደንብ አወጡ። በማግስቱ ስብሰባ ረፍዶባቸው በዚያው መስመር ብቻቸውን በመኪናቸው ሲከንፉ፣ አንድ ባለስኩተር ከፊታቸው ገጠማቸው። ሰውዬው ለኩላሊት እጥበት የረፈደባቸውን አሮጊት ጎረቤቱን አፈናጦ ነበር። ሹሙ አስቆሙትና ትራፊክ ፖሊስ ጠርተው፣ “ስኩተሩን ውረስልኝ” አሉ።

ስኩተሩ የልጆቹ እንጀራ ነበርና ባለስኩተሩ ደነገጠ።

“ማንበብ አትችልም?” አሉት ሹሙ። “መስመሩ ሕዝብ ለሚሸከም ነው።”

ባለስኩተሩ ባዶውን የመኪናቸውን ወንበር አየት አደረገና እጅ ነሣ።

“አንብቤአለሁ ጌታዬ። እኔ በአቅሜ አንድ ሰው ተሸክሜ ገብቻለሁ። እርስዎ ግን የገቡት ሕዝቡ ተሸክሞዎት ነው።”

ፖሊሱ ሳቁን ዋጥ አድርጎ ስኩተሩን አሳለፈና የመኪናውን ታርጋ መጻፍ ጀመረ።