የንግግር መጽሐፉ ግምገማ

አንድ የትምህርት ቢሮ ኃላፊ በሕዝብ ፊት ስለመናገር የሚያስተምር መጽሐፍ ለዓመታት ደክመው ጻፉና መምህራንን ለግምገማ ሰበሰቡ። «ተናጋሪ ከወረቀት አያንብብ፤ ነገር አያንዛዛ፤ አድማጩን ዐይን ዐይኑን ይመልከት» የሚለውን የመጀመሪያ ምዕራፍ፣ ካቀረቀሩበት ቀና ሳይሉ እስከ ምሳ ሰዓት አነበቡላቸው። መምህራኑም እንደ ደንቡ አጨበጨቡ። የነቀፈ ሰው ራቅ ወዳለ ወረዳ እንደሚዛወር ሁሉም ያውቃል።

ኃላፊው ምላሰኛ የምትባለውን መምህርት ፈልገው፣ «አንቺ! ስሕተት ካገኘሽበት እዚሁ ተናገሪ፤ ካላገኘሽ ከነገ ጀምሮ ታስተምሪበታለሽ» አሏት።

እሷም ተነሥታ እጅ ነሣች። «ጌታዬ፣ ስሕተት የለበትም፤ የሚለው ሁሉ እውነት ነው። ግን ስንት ዓመት አብሮት የኖረውን ሰው ካላስተማረ፣ ለአንድ መንፈቅ ብቻ የሚያዩት ልጆቼ ምን ይማሩበታል? ለድፍረቴ ይቅርታ ያድርጉልኝ።»