ዘርህ ከየት መጣ?

አንድ ይመኑ የሚባል ገበሬ ነበር። ስንዴውን ሦስት ዓመት በተከታታይ ዋግ መታበት። ማሳው ውስጥ ሲገባ ልብሱ ዝገት በሚመስል ቀይ ዱቄት ይሞላል፤ ዛላውን ሲፈለፍለው እፍ ቢሉት የሚበር ገለባ ብቻ ነው። አንድ ዓመት ከደገመው ልጆቹን ይዞ ከመሰደድ ሌላ ምርጫ አልነበረውም።

በዚያ አገር አለቃ ወልደ ያሬድ የሚባሉ ደራሲ ይኖሩ ነበር። ዕድሜ ልካቸውን የጻፉት ሁለት መጻሕፍት ነው፤ አንዱ የቤተሰብ የዘር ሐረግ ይቆጥራል፣ ሌላው የሰብል በሽታ ይመረምራል። የአገሩ ሰው "ሙት ቆጥረው ሲጨርሱ የታመመ እህል ይቆጥራሉ" እያለ ይቀልድባቸዋል። አብሮ ሲስቅ የኖረው ይመኑም ሲጨንቀው እሳቸው ዘንድ ሄደና ችግሩን ነገራቸው።

"ዘርህ ከየት መጣ?" አሉት።

ይመኑ ብድግ ብሎ ጉሮሮውን ጠረገና "ይመኑ አላምረው፣ አላምረው ጓንጉል..." እያለ ይቆጥር ጀመር።

አለቃ እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ። "የስንዴህን እኮ ነው የጠየቅሁህ።"

"እሱማ አባቴ ከገበያ ያመጣው ነጭ ስንዴ ነው" አለ አፍሮ።

"ግድ የለም፣ የጀመርከውን ጨርስ።"

አምስተኛው ላይ "ባንቺዓየሁ" ሲል የአለቃ ሳቅ ቆመ። ሁለቱን መጻሕፍት ጎን ለጎን ገለጡ። በአንዱ ባንቺዓየሁ ሁለት ወንዶች ልጆች ወልዳለች። በሌላው ደግሞ ከወንዙ ማዶ ዋግ የማይደፍረው ጥቁር ስንዴ አለ፤ ስሙም "የባንቺዓየሁ" ይባላል። አንደኛው ልጇ ተሻግሮ ጎጆ ሲወጣ ከእሷ ጎተራ ይዞት የሄደ ዘር ነው።

ነገሩ ለይመኑ ገባው። ከሞተች መቶ ዓመት ያለፋት ሴት ማዶ ላይ ዛሬም ሰው ታበላለች።

"አባቴ፣ ከማዶ ሰዎች ጋር እኮ በግጦሽ ተጣልተን ሰላምታ እንኳ የለንም" አለ።

"ሰላምታ ባይኖራችሁ አያት አላችሁ" አሉት።

ተሻገረ። ዱላ ይዘው የወጡ አንድ ሽማግሌ "ማን ነህ?" ሲሉት እስከ ባንቺዓየሁ ቆጠረላቸው። ከዚያ እሳቸውም ከራሳቸው ጀምረው ቆጠሩ፤ የእሳቸውም ቆጠራ እሷው ላይ ደረሰ። ዱላውን አስቀምጠው ገቡና አንድ ስልቻ ጥቁር ስንዴ ይዘው ወጡ።

"ውሰድ፤ የእናትህ ነው" አሉት።

ወዳጄ፣ ዘር ቆጥረን የምንለያየውን ያህል፣ ትንሽ ገፋ አድርገን ብንቆጥር አንድ ጎተራ ላይ እንገናኝ ነበር። አንተስ ሰላምታ በነፈግኸው ሰው ቤት ያንተ የሆነ ምን ተቀምጦልህ ይሆን?