ሲመሽ ስም የሚወጣለት ቀን

አንድ አባት ነበረ። ቆይ ብርቄ፣ ጥያቄሽን አልረሳሁትም። «አክስትዬ፣ ለሠርጌ የትኛው ቀን ይሻለኛል? ጥሩ ቀን በምን ይታወቃል?» አይደል ያልሽኝ? እሱን እየመለስኩልሽ ነው፤ ዝም ብለሽ ስሚኝ።

ሰውየው ገበሬ ነው። ሚስቱ ሞታበት አንዲት ሴት ልጁን ለብቻው አሳድጓል። አገሩ ከኛ አገር በጣም ይርቃል፤ ሰማዩ ላይ ሁለት ጨረቃ ነው የሚወጣው። አንዷ እንደ ሰፌድ ሰፊና ዘገምተኛ፣ ሌላዋ እንደ ሎሚ ትንሽና ሯጭ። እንግዲህ በሁለት ጨረቃ ወር መቁጠርን አስቢው! አንዱ ትልቋን አይቶ «ወር ገባ» ሲል፣ ጎረቤቱ ትንሿን አይቶ «ኧረ እንዲያውም ወጣ» ይለዋል። ሰው ደግሶ ሲጠብቅ እንግዳው ድግሱ ካለቀ በኋላ አምሮበት ከች ይላል። ጠብ ሆነ፣ ኩርፊያ ሆነ። በመጨረሻ የአገሩ ሽማግሌዎች ተሰብስበው «ጨረቃዎቹን ተዉአቸው፣ እነሱም እርስ በርስ አልተስማሙም» አሉና ሌላ ሥርዓት አወጡ።

ሥርዓቱ እንዲህ ነው። ቀኑ ሲነጋ ስም የለውም። ሲመሽ የመንደሩ ሰው በሙሉ ከትልቁ ዛፍ ሥር ይሰበሰባል፣ ሰያሚዋ አሮጊት ከበሮ ትመታለች፣ ሁሉም የዋለውን እያስታወሰ «እንዲህ ይባል፣ እንዲያ ይባል» እያለ ይጯጯኻል፤ ከዚያ ለቀኑ ስም ይወጣለታል። «ጎረቤት የታረቀበት»፣ «ዝናብ ያታለለን»፣ «ፍየሏ መንታ የወለደችበት»። አንዴ የወጣ ስም አይፋቅም። ዕድሜም ሠርግም ሐዘንም የሚቆጠረው በዚያ ስም ነው።

ይኸው አባት ታዲያ አንድ ነገር ያንገበግበው ነበር። እሱ ያገባበት ቀን «ወጡ ያረረበት» ተብሎ ቀርቷል። «መቼ ነው ያገባኸው?» ሲሉት «ወጡ ባረረበት» ማለት ግዴታው ነው፤ ጠያቂው ደግሞ ይንፈቀፈቃል። ስለዚህ ልጁ ልታገባ ስትል እንቅልፍ አጣ። «የኔ ልጅ ዕድሜዋን ሙሉ አይሳቅባትም» አለና ሰያሚዋ ደጃፍ ሄዶ ቁጭ አለ።

«እማማ፣ የልጄን ሠርግ ቀን አስቀድመሽ ሰይሚልኝ። የደስታ ቀን በይልኝ።»

«ሳላየው?» አለች አሮጊቷ። «አንተ ሰው፣ ጤናም የለህ?»

ሄደ፣ ተመለሰ። ጠዋት እሷ ስትወጣ እሱ አለ፣ ማታ ስትገባም አለ። ውሃ ልትቀዳ ስትወርድ ከኋላዋ ነው። በስተመጨረሻ አንገሸገሻት። «እንካ! ውሰደው! የደስታ ቀን ነው!» አለችና በመንደሩ አስለፈፈች። እሱ እየዘለለ ነው ቤቱ የገባው።

ቀኑ ደረሰ። በዚያ አገር ደንብ ሠርግ ሲኖር ጎረቤት ገና ጎህ ሲቀድ እንጨት ተሸክሞ፣ ውሃ ቀድቶ ይመጣል። ማንም ሳያዘው ይሠራል፤ ምክንያቱም ማታ የሚወጣው ስም የሁሉም ስም ነው። ያን ቀን ግን ጎረቤቱ ረፋድ ላይ ቅቤውን ተቀብቶ፣ አዲስ ልብሱን ለብሶ መጣና ዳሱ ውስጥ ተደርድሮ ተቀመጠ።

«ኧረ ወንድሞቼ፣ እንጨቱን የሚፈልጥልኝ?» አለ አባት።

«አያ፣ ምን አስጨነቀህ?» አለው አንድ ቦርጫም ጎረቤቱ እግሩን ዘርግቶ። «ዛሬ እኮ የደስታ ቀን ነው! ተሰይሞ አልቋል። እኛ ምን እንጨምርበታለን?»

ዘፋኞቹ ደስታው እስኪመጣ እየጠበቁ አፋቸውን ዘግተዋል። ከበሮ መቺው ከበሮውን ተንተርሶ ያንኮራፋል። ሴቶቹ ሽሮ ያለበትን ድስት ከበው «እስቲ በራሱ ይፈላ እንደሆነ» እያሉ ያዩታል። አባት ብቻውን እሳት ሲያነድ ውሃው ይጎድላል፣ ውሃ ሲያመጣ እሳቱ ይጠፋል፤ ላቡ ጠብ ጠብ፣ ፊቱ ጥላሸት በጥላሸት።

ይህ ሳያንስ የሙሽራው ወገኖች ደረሱ። እልል የሚል የለም። የሚቀበል የለም። የሙሽራው አባት ዱላውን ተመርኩዞ ዳሱን ቃኘና ፊቱ ጠቆረ።

«ይህ ቤት ሙሽራ ነው ወይስ ለቀስተኛ የጠራው? ልጄ፣ በቅሎህን አዙር። እንመለሳለን!»

አባት ከምድጃው ተነስቶ ሊለምናቸው ሮጠ። ይኼኔ ሙሽሪት ከመጋረጃው ኋላ አንገቷን አወጣች።

«አባዬ፣ እኔ የማገባው ሰውየውን ነው ወይስ ቀኑን?»

አባት ልጁን አያት። አጊጣ፣ ኩሏን ተኩላ፣ ዓይኗ እንባ አቅርሯል፤ ያንን ሁሉ ደጅ ጥናት የጠናላት ልጅ። ማማሰያውን እንደያዘ አንድ በርጩማ ላይ ዘሎ ወጣ።

«እማማ ሰያሚ! ስምሽን መልሼልሻለሁ! ይህ ቀን ስም የለውም!»

አሮጊቷ ዳሱ ጥግ ተቀምጣ ይህችን ስትጠብቅ ነበር መሰለኝ፣ ከሚያንኮራፋው መቺ ራስ ሥር ከበሮውን ነጥቃ ደበደበችው። «ሲመሽ ያልወጣ ስም ይፋቃል! ቀኑ ስም የለውም! ሲመሽ እንተያያለን!»

እንዴት ያለ ሽብር መሰለሽ! ቦርጫሙ «ወይኔ! ሙሽራ ጦሙን የተመለሰበት ሊባልብን ነው!» ብሎ እንደ ደነበረ ጥጃ ዘለለ። አንዱ ወደ ምንጭ፣ አንዱ ወደ ማገዶ ሮጠ። አዲሱ ልብስ ሁሉ ወገቡ ላይ ታሰረ። ሴቶቹ እልልታውን ሲያቀልጡት የሙሽራው በቅሎ ደንብራ ራሷ ወደ ግቢው ገባች። ቦርጫሙ ደግሞ እንጨት እየፈለጠ ትንፋሽ ሲያጥረው ያገኘው ሰው እጅ ላይ መጥረቢያውን ጣለና ሮጠ፤ ያ ሰው የሙሽራው አባት ነው። «እኔ?» አለ በቁጣ። ዙሪያውን ሲያይ የቆመ ሰው እሱ ብቻ ነው። ጋቢውን ጣለና መፍለጥ ጀመረ። ሁለቱ አማቶች ጎን ለጎን፣ አንዱ ሲፈልጥ አንዱ ሲያቀብል፣ በቁጣ የጀመሩትን በሳቅ ጨረሱት።

ሲመሽ ዛፉ ሥር ጩኸቱ ሌላ ነበር። አንዱ «በቅሎዋ ሙሽራ ያስገባችበት» አለ፣ አንዱ ሌላ አለ። ከሁሉም በላይ የጮኸው የሙሽሪት አባት ነው፤ «አማት እንጨት የፈለጠበት ይባል!» እያለ፣ ድምፁ እስኪዘጋ። እሱው ጸደቀ።

ይኸውልሽ ብርቄ። አንቺም እንደዚያ አባት የሰው ደጅ ስትጠኚ ከረምሽ። አንዱን «ጥቅምት ይሻላል?» ሌላውን «ጥር ይሻላል?» ትያለሽ፤ እኔን ደግሞ ለጥያቄ ስትቀሰቅሺኝ ይነጋል። ማን ሊጥ እንደሚያቦካ፣ ማን ዳስ እንደሚጥል ግን ከእጮኛሽ ጋር አንድ ቀን ተነጋግረሻል? አልተነጋገርሽም። ቀን ጥሩ ሆኖ አይመጣልሽም፣ ልጄ። ባዶውን ነው የሚመጣው፤ ጥሩ የምታደርጉት እናንተና የጠራችሁት ሰው ናችሁ። የፈለግሽውን ቀን ቁረጪና እጅጌያችንን እንሰብስብ። ጥሩ ቀን መሆን አለመሆኑን ሲመሽ እነግርሻለሁ።