ምትክ የላከችው ንግሥት

አንዲት ሴት እግሯን ለብ ያለ ውሃ ውስጥ ነክራ ተቀምጣለች። ደክሟታል። ይኸው ነው፤ እግሯ ያበጠ አንዲት ሴት።

ብቻ ይህች ሴት የሩሲያ ንግሥት ናት። ከታሪክ መጽሐፍ አትፈልጓት፤ የምሳሌ ንግሥት ናት። የምሳሌ ናት ብላችሁ ግን እንዳታሳንሷት! አዳራሿ እንዴት ያለ ነው መሰላችሁ? በዚህኛው ጫፍ ያስነጠሰ ሰው፣ ከወዲያኛው ጫፍ «ይማርህ» እስኪመለስለት ጉንፋኑ ለቆታል። የክብር ቀሚሷስ? ከወርቁና ከዕንቁው ክብደት የተነሳ ሰው ሳይገባበት ብቻውን ቀጥ ብሎ ይቆማል። ብርዱንማ ተዉት። እንባ አገጭ ሳይደርስ ጠጠር የሚሆንበት አገር ነው።

ታዲያ ያን ቀሚስ ለብሳ፣ ፊቷን በነጭ ቅባት አስለስና፣ ቀኑን ሙሉ ዙፋን ላይ ሳትነቃነቅ መዋል አለባት። ወጉ ነው። ንግሥት ትታያለች እንጂ አታወራም።

አንድ ቀን ልብስ ሰፊዋን ማርፋን ልብ ብላ አየቻት። የንግሥቲቱ ቀሚስ ሲሰፋ የሚለካው በማርፋ ላይ ነበር፤ ቁመታቸው አንድ፣ ትከሻቸው አንድ።

«ማርፋ፣ ዛሬ አንቺ ተቀመጪልኝ።»

«ግርማዊት ሆይ፣ ቢያውቁብኝስ?»

«ማን ቀና ብሎ ያይሻል? ሁሉም የሚያየው ምንጣፉን ነው!»

እውነቷን ነው። ማንም አላወቀም። ንግሥቲቱ ተኛች፤ ተመቻት። አንድ ቀን የተባለው የበረዶውን ወራት ሙሉ ሆነ። አምባሳደር ሲመጣ፣ ማርፋ። የቆሰሉ ወታደሮች ሲጠየቁ፣ ማርፋ። ጥምቀት ደረሰ። በዚያ አገር በጥምቀት የወንዙ በረዶ ይቆረጥና ውሃው ይባረካል፤ ንግሥቲቱም አጠገቡ ትቆማለች።

«ይህንንስ ራስዎ ቢሄዱ፣ እመቤቴ» አለቻት ደንገጡሯ ፕራስኮቭያ። «እግዚአብሔር ፊት ነው።»

«እግዚአብሔርማ ያውቀኛል፤ አይቀየመኝም» አለችና ብርድ ልብሷን ወደ አገጯ ሳበች። ማርፋ ሄደች።

ሳቃችሁ? ቆዩ።

ጾም ሲገባ እብጠቱ ጎደለ። መኝታው ሰለቻት። «ፕራስኮቭያ፣ ዛሬ ራሴ እቀመጣለሁ። ለማርፋ ንገሪያትና ቀሚሱን ታውልቅ።»

የፕራስኮቭያ ፊት አመድ ሆነ።

«ማርፋ እኮ ሞታለች፣ እመቤቴ። የጥምቀቱ ብርድ ሳንባዋን መታት። ሳምንት ሳትቆይ ቀበርናት።»

«ታዲያ ከዚያ ወዲህ ዙፋኑ ላይ የምትውለው ማን ናት?»

«እርስዎ ሌላ ሴት የላኩ መስሎኝ…»

«እኔ ማንንም አልላክሁም።»

ምድጃው ይነዳል፤ ሁለቱን ሴቶች ግን በረዳቸው።

ንግሥቲቱ በሌሊት ልብሷ፣ በባዶ እግሯ ወደ አዳራሹ ወረደች። ፕራስኮቭያ ከኋላዋ። ቀትር ነው። መኳንንቱ ተንበርክከዋል፤ ከሰዉ ሁሉ አፍ በብርዱ እንፋሎት ይወጣል። ዙፋኑ ላይ ቀሚሱ አለ። ዘውዱ አለ። ነጩ ፊት አለ። ከዚያ አፍ ግን ምንም እንፋሎት አይወጣም።

«ውረጂ!» አለች ንግሥቲቱ።

ያቺ ቀስ ብላ አንገቷን አዞረች። የማርፋ ፊት አይደለም። የራሷ የንግሥቲቱ ፊት ነው! ወገኖቼ፣ ከንግሥቲቱ ይልቅ ንግሥቲቱን የሚመስል ፊት!

የዘበኞቹ አለቃ ብድግ አለ። «አንቺ ሴትዮ፣ ማን አስገባሽ?»

«እኔ ነኝ! ንግሥትህ! ስንት ዘመን በሬን ስትጠብቅ ኖረህ አታውቀኝም?»

«በሩን ጠብቄያለሁ፣ እናቴ» አለ ሰውየው፤ ቁጣ የለበትም። «ከበሩ ስትወጪ ግን አላየሁሽም። ንግሥቴን በጥምቀት ብርዱ ላይ ቆማ አይቻታለሁ። ወንድሜ ቆስሎ የተኛ ጊዜ መጥታ ግንባሩን ዳብሳዋለች። አንቺ ያኔ የት ነበርሽ?»

ምን ትበለው? ተኝቼ ነበር ትበለው?

«ፕራስኮቭያ፣ ንገሪያቸው እንጂ!»

ፕራስኮቭያ ዙፋኑን አየች፤ በባዶ እግሯ የቆመችውን አየች፤ ደግማ ዙፋኑን አየች። ከዚያ ጉልበቷ ታጠፈ። ወደ ዙፋኑ።

ያን ጊዜ ዙፋን ላይ ካለችው አፍ የመጀመሪያው እንፋሎት ወጣ። ቀጥሎም የንግሥቲቱ ድምፅ፤ «ቀስ ብላችሁ አውጧት። ታማለች መሰለኝ።»

አወጧት። ግቢው በረዶ ነው። ጣቶቿን ልታሞቅ ወደ አፏ አስጠጋችና እፍ አለች። ምንም አልወጣም። ደግማ እፍ አለች። ምንም።

ወገኖቼ! ማን ነበረች ያቺ ዙፋኑ ላይ ያለችው? ሰይጣን ናት የምትሉ አላችሁ። እኔ ግን እላችኋለሁ፦ ንግሥቲቱ ራሷ ያሳደገቻት ናት። በቀረችበት ቀን ሁሉ ከራሷ ጥቂት ጥቂት እየቆረሰች አበላቻት።

እናንተስ? ለቅሶ ቤት ሰው ልካችሁ ቀርታችኋል። ጸሎቱን «እናንተ ጸልዩልኝ» ብላችሁ ለጎረቤት ሰጥታችኋል። ልጃችሁን ትምህርት ቤት ሾፌር ያደርሰዋል፣ ሾፌር ይመልሰዋል፤ ሕልሙን የሚያጫውተው ለሾፌሩ ነው። ሥራ በዝቶብን ነው አላችሁ? ንግሥቲቱም እኮ እግሯ አብጦ ነበር፤ አልዋሸችም! ግን ያበጠ እግር ይድናል። የለቀቃችሁት ቦታ ግን ባዶ ሆኖ አይጠብቃችሁም። ቤታችሁ ውስጥ ስማችሁን ይዞ የሚኖር አንድ ሰው አለ፤ ዕቃ የሚልክ፣ ይቅርታ የሚልክ፣ ሰላምታ የሚልክ። ያ ሰው እናንተ ናችሁ? እርግጠኛ ናችሁ?

አንተ፣ ከኋላ የተቀመጥከው፣ አትጎንበስ። እናትህ ሐኪም ቤት ተኝተዋል። ብርቱካን ልከሃል። ብርቱካኑ ደርሷል፤ ተልጦ ተበልቷል። አንተ አልደረስክም።

ከዚህ ስትወጣ ቤትህ አትግባ። በቀጥታ ሂድና እጃቸውን ያዝ። እስከ ዛሬ ያውቁሃል፤ ነገን እንጃ።