የአቻምየለሽ ጣት

ከዋርካ ገደል የሚመጣ ሸማ በየትኛውም ገበያ ይታወቃል። ቀዩ ጥለቱ ከአንዱ ዳር ተነሥቶ እስከ ሌላው ዳር መድረስ ሲገባው፣ ጣት የምታህል ሲቀረው ቀጥ ብሎ ይቆማል፤ ከዚያ ወዲያ ያለው ባዶ ነጭ ነው። ወጉን የማያውቅ ገዢ ገልበጥ ገልበጥ ያደርግና «ይሄማ ጎዶሎ ነው፤ ቀንስልኝ እንጂ!» ይላል። ሸማኔው ያን ጊዜ ሸማውን ከእጁ መንጭቆ፣ «አምጣ ወዲህ! ጎዶሎውስ ሌላ ነው» ብሎ ያጥፈዋል። ከዚያ በኋላ እጥፍ ቢጨምሩለትም አይሸጥም። ያችን ነጭ ቦታ የአቻምየለሽ ጣት ይሏታል።

እንደሚነገረው፣ አቻምየለሽ ከገደሉ ሥር፣ ፏፏቴው ዳር ፈትል እየነከረች የምትኖር ሴት ነበረች፤ እሷ ትነክራለች፣ ባሏ ደርሰህ ይሸምናል። የእንሶስላ ሥር ስትወቅጥና ስትዘፈዝፍ እጇ ዓመቱን ሙሉ እስከ ክርኗ ቀይ ነበር ይባላል። ጠዋት ጠዋት ፀሐይ የፏፏቴውን ፍንጣቂ ስትመታው ቀስተ ደመና ይቆማል፤ ይህን ሠላሳ ዓመት ስታይ ኖራ አንድ ነገር ተገለጠላት፤ ያገሩ ሰው እስከ ዛሬ «የብርሃን ቃል» ይለዋል። ነገሩ እንዲህ ነው። ብርሃን ቀለምን ሁሉ በጉያው ይዞ የሚዞር እንግዳ ነው። በየደጁ ሲደርስ እያንዳንዱ ነገር ካመጣው ላይ ይቀበለዋል፤ የሚውጠውን ይውጣል፣ የቀረውን ይመልሳል። እኛ የምናየው ያን የመለሰውን ብቻ ነው። ልብ በሉ እንግዲህ፤ ቀይ ፈትል ቀይ የሆነው ቀይን ስለያዘ ሳይሆን ቀይን ስለሰጠ ነው! ሁሉን ውጦ ምንም የማይመልስ ግን ጨለማ ይባላል። «ሰውም እንደዚያው ነው» ትል ነበር አቻምየለሽ፤ «መልኩ የሰጠው እንጂ የያዘው አይደለም።»

በዚያ ዘመን የአገሩ ገዥ ባላምባራስ ቢሻው፣ «ቀይ ጥለት የጌታ ነው፤ ከእኔ ቤት በቀር ቀይ የለበሰ ወየውለት» ብለው አሳወጁ። አቻምየለሽ ሰምታ ሳቀች። ልጇን ጥሩዓለምን ስትድርም እሷ የነከረችውን፣ ደርሰህ የሸመነውን ባለ ቀይ ጥለት ሸማ አለበሰቻት። ሙሽሪት ከዳሱ ሳትወጣ የባላምባራስ አሽከሮች ደረሱ፤ ሸማውን ከትከሻዋ ገፈው እዳሱ ደጃፍ ላይ፣ በሚዜዎቹ ፊት አቃጠሉት። የሙሽራው አባት መሬት መሬት እያየ፣ «እኛ ከጌታ የተጣላ ዘመድ አንችልም» አለና ልጁን ይዞ ተመለሰ።

አቻምየለሽ አላለቀሰችም ይባላል። አመዱን በመሐረብ ቋጥራ፣ ባላምባራስ ችሎት ወደሚያስችሉበት ዋርካ ሥር ሄደች።

«ምን ፈለግሽ አንቺ ነካሪ?»

«የልጄን ሸማ።»

«እሱማ ነደደ።»

«ያነደደው ይመልሳላ! ቀይ የሁሉ ነው ብለው እዚሁ፣ በዚህ ሰው ሁሉ ፊት ያውጁ፤ ያን ጊዜ የልጄ ሸማ ተመለሰ እላለሁ።»

ባላምባራስ እስኪያስላቸው ሳቁ። «ይልቅስ ሥራ ልስጥሽ» አሉ። «ከወር በኋላ የበላዬ ጌታ ግብር ያበላሉ። ዓይን የሚይዝ ቀይ ጥለት ያለው ኩታ አድርሽልኝ። እንቢ ካልሽ የባልሽን እጅ አስቆርጣለሁ።»

እሷ እጅ ነሥታ ሄደች። ንዴቷን ከእንሶስላው ጋር ወቀጠችው ይላሉ ሽማግሌዎች፤ እንደዚያ ያለ ቀይ ከዚያ ወዲህ ወጥቶ አያውቅም። ደርሰህ ጥለቱን ሲጀምር ግን እጁን ያዘችው።

«ዳር ሳትደርስ፣ ጣት ሲቀርህ ማጉን መልስ።»

«አብደሻል እንዴ? ያርዱናል!»

«ጣት ሲቀርህ አልኩህ! እሳቸው የወሰዱትን ሳይመልሱ እኔ ምን ቆርጦኝ ነው የምሞላላቸው?»

ኩታው ተጣጥፎ ቀረበና ባላምባራስ ሳይዘረጉት በበቅሎ አስጭነው ወደ ግብሩ ሄዱ። በግብሩ አዳራሽ ሲለብሱት ቀዩ ሰዉን ሁሉ አፍ አስያዘ፣ ያች ጣት እስክትታይ ድረስ። አንዱ መኰንን፣ «ባላምባራስ፣ አገርዎ ክር አለቀበት እንዴ?» ቢላቸው አዳራሹ በሳቅ አውካካ።

እየነደዱ ተመለሱና ደርሰህን አስያዙት። ጎራዴው ሲመዘዝ አቻምየለሽ ከሕዝቡ መሐል ወጥታ ቀያይ እጆቿን ዘረጋች።

«ያጎደልኩት እኔ ነኝ፤ እሱን ልቀቁት! የእኔን ከቆረጣችሁት ደግሞ ኩታው እንደ ጎደለ ይቀራል፤ ይህን ቀይ የሚያውቅ ሌላ እጅ የለም። ያውጁና አሁኑኑ እሞላዋለሁ።»

«ለልጅሽ አምስት ኩታ እሰጣለሁ፤ ዝም በይ!»

«ስጦታ አልለመንኩም! ነገ ጠዋት ፏፏቴው ዘንድ ይምጡ፤ ከቀስተ ደመናው ቀዩን ለይተው ከወሰዱት የእርስዎ ነው።»

ማወጁ ከበዳቸው፣ መቁረጡም ከበዳቸው፤ ደርሰህን ለቀቁት እንጂ አዋጁን አልመለሱም። በሳምንቱ ያገሩ ሸማኔ ሁሉ ጣት የጎደለው ቀይ ጥለት ሸምኖ በአደባባይ ለበሰ። ይህን ቢያቃጥሉ በሚቀጥለው ሸማ ሌላ ጣት ይጎድላል፣ መሳቂያነቱም ይብሳል ብለው ፈርተው ባላምባራስ ማንንም ሳይነኩ ተዉት ይባላል። ሲሞቱም በዚያው ኩታ ተገነዙ። ጥሩዓለም ሳታገባ፣ ከእናቷ ጋር ፈትል እየነከረች አረጀች።

ዛሬ በዋርካ ገደል ሙሽራ ከዳሱ ስትወጣ ደጃፉ ላይ ቆማ የሸማዋን ዳር ትዘረጋለች። የሰፈሩ አንጋፋ ሸማኔ ያችን ነጭ በጣቱ ይለካና፣ «መለሱ ወይ?» ብሎ ይጠይቃል።

«አልመለሱም!» ይላል ዳሱ ሙሉ ሰው።

«እንግዲያው አትሙሉት!»