በቦርሳ ውስጥ የቀረ መጥሪያ

ይግባኟ የተሰረዘው ወንድሟን ስላፈረችው ነው። ማስረጃ አላጣችም፤ ዳኛም አልጨከነባትም።

አንዲት ሴት ናት። እናቷን ስምንት ዓመት ያስታመመችበትን፣ ዛሬም የምትኖርበትን ቤት የመጀመሪያው ፍርድ ቤት ለታላቅ ወንድሟ ለይርዳው ወሰነለት። ይግባኝ አለች። የይግባኙ ዳኛ፣ «ይግባኝሽ ያስቀርባል፤ ወንድምሽ መጥቶ ይመልስ። ይህን መጥሪያ ለወንድምሽ አድርሺና በቀጠሮው ቅረቢ» አሏት። አንዲት ወረቀት ናት። መንገዱ ግማሽ ሰዓት አይሞላም።

ሄደች። ጉሙ ባሕር ዛፉን ሁሉ ውጦታል፤ እግሯ መሬት የሚነካ አይመስላትም ነበር። ደጁ ላይ ስትደርስ ድንኳን ተተክሏል፤ የይርዳው አማት ሞተዋል። ለቅሶ ላይ መጥሪያ ይሰጣል? አብራ አልቅሳ ተመለሰች።

ሌላ ቀን ሄደች። የልጅ ክርስትና ነው። ይርዳው ራሱ እጇን ይዞ አስቀመጣት።

«እታለም፣ ብዪ እንጂ! ችሎት ፊት እኮ እንዲህ አታፍሪም!» ብሎ ሳቀና አጎረሳት።

የጎረሰ አፍ ምን ይናገራል?

ከዚያ ክረምት ገባ። ቀኖቹ በእንቅልፍ ልብ እንደሚሰማ ዝናብ አለፉ። ወረቀቱ ቦርሳዋ ውስጥ እንደ ጨርቅ ለሰለሰ። እሷም አንድ ቀን እሰጠዋለሁ እያለች፣ የሰጠችው ያህል እየቀለላት ኖረች።

ቀጠሮው ደረሰ።

«መጥሪያውን ለምን አላደረስሽም?» አሏት ዳኛው።

«ጌታዬ፣ መጀመሪያ ለቅሶ ነበር። ቀጥሎ ድግስ ሆነ።»

«ከድግሱ ወዲህስ? ሁለት ወር ሙሉ ይበላል እንዴ?»

ችሎቱ ሳቀ። ይግባኙ ተሰረዘ።

እናንተስ? ስንቶቻችሁ ናችሁ የበደላችሁን ሰው በጸሎት ከስሳችሁ፣ ለራሱ ግን አንድ ቃል ያልተነፈሳችሁ? «ለጌታ ነግሬዋለሁ» ትላላችሁ። ለሰውየውስ? ጌታ ሂድና ንገረው አለ እንጂ ለጎረቤት ንገር አላለም። ለመዘምራን ንገር አላለም። ይሉኝታን ፍቅር ብላችሁ አትጥሩት! ፍቅር ቢሆን ኖሮ ያ ሰው መበደሉን ያውቅ ነበር። ለቅሶ ላይ ካገኛችሁት ቆዩ፤ ሠልስቱ ሲወጣ ግን ተመለሱ። አንድ ቀን አትበሉ። አንድ ቀን የሚባል ቀን የለም።

ሴትየዋ በመጨረሻ ነገረችው።

«ጋሼ፣ ያን ቤት እፈልገው ነበር። ይግባኝም ብዬ ነበር።»

ይርዳው ደንግጦ አያት። «ታዲያ እየመጣሽ ስትበዪ ስትጠጪ ምነው ዝም አልሽ? የተውሽው መስሎኝ እኮ ነው። እታለም፣ ሸጥኩት።»

የገዢዎቹ ዕቃ በማግስቱ ጠዋት ደረሰ። ፍራሿን ጠቅልላ ታቀፈች፤ እናቷ የተኙበትን ጥግ አንድ ጊዜ አየች። ወጣች። በሩንም ዘጋችው።