ሰው ሳይሞት የተነፋው ጥሩምባ

አንድ ሰው ነበረ፤ ስሙ እንግዳወርቅ ነው። ከአንዲት ልጅ በቀር የሌሎቹን ስም ባልጠራ አይከፋቸውም፤ እሱ ግን በሕይወቱ ሙሉ ስሙ እንዲጠራለት የሚወድ ሰው ስለነበር እኔም አላስቀርበትም። አንተም ልጄ፣ ገና ትናንት የእድር ዳኛ ተብለህ ዛሬ «በየቤቱ ባሉ ልጆች እድር ምን አገባው? ይህ የመንግሥት ሥራ አይደለም ወይ?» ብለህ ጠይቀኸኛልና ተቀመጥ፣ ስማኝ።

እንግዳወርቅ ሀብታም ነበር። በሰፈሩ የብረት በር ያሠራ የመጀመሪያው ሰው እሱ ነው። እህቱ ገጠር በሞተች ጊዜ «አስተምራታለሁ» ብሎ ልጇን አመጣት። ትርንጎ ትባላለች። ሰፈሩም «አጎት ማለት እንዲህ ነው» እያለ መረቀው። ከዚያ ወዲያ ትርንጎ ከብረቱ በር ወጥታ አትታይም። ትምህርት ቤቱ ከግቢው ጀርባ ነበር፤ የጠዋቱ ደወል ሲደወል ከሚሰሙት አንዷ ናት። እሷ ግን በዚያ ሰዓት በቁመቷ ልክ የሆነ የልብስ ክምር ፊት ተቀምጣ ታጥባለች።

ከአጥሩ ማዶ አንዲት ጥጥ ፈታይ ትኖር ነበር። ባሏ የሞተ፣ ልጅ ያልወለደች፣ ለማንም አንገቷን የማትደፋ ሴት። ጥጥ መፍተል እጅ እንጂ ጆሮ አይዝም። እንዝርቷን እያሾረች በአጥሩ የሚያልፈውን ሁሉ ትሰማለች፤ ስድቡን ትሰማለች፣ አርጩሜውን ትሰማለች፣ ከሁሉ የከፋውንም፣ ልጅቷ ተመትታ ድምፅ አለማውጣቷን ትሰማለች።

አንድ ቀን ግን ትርንጎ ጮኸች። ከዚያ በኋላ ፈታይዋ በአጥሩ ቀዳዳ ባየቻት ቁጥር አንዱን ክንዷን በሌላው አቅፋ ነው የምትሄደው። ወጌሻ አልተጠራላትም። ሐኪም ቤትም አልሄደች።

ፈታይዋ ፖሊስ ጣቢያ ሄደች። ጣቢያው ሰውየውን ጠርቶ ጠየቀ፤ እሱም «ልጅቷ ደኅና ናት፣ ይቺ ሴትዮ ቂም ይዛብኝ ነው» አለ። ለፈታይዋም «ሌላ ምስክር ያምጡ» አሏት። በየጎረቤቱ ዞረች። ያልሰማ አልነበረም፤ ልናገር ያለ ግን አላገኘችም። አንዷ «የሰው ቤት ገበና ነው እትዬ፣ ነገ ዓይን ለዓይን እንተያያለን» አለቻት። ሌላው ጫማውን ማሰር ጀመረ፤ እሷ እስክትሄድም አስሮ አልጨረሰም።

በመጨረሻ እድሩ ሲሰበሰብ ከሰው መካከል ተነሥታ ተናገረች። እንግዳወርቅም ተነሣ። ጋቢውን አስተካክሎ እንዲህ አለ፤ «ወልዳ የማታውቅ፣ አጥብታ የማታውቅ ሴት ልጅ አስተዳደግ ልታስተምረን ነው። ጥጥሽን ፍተይ እመት፣ ጥጥ አያለቅስብሽም።»

ሰው ሳቀ። ልብ በል ልጄ፣ ሰውየው አይደለም የሳቀው፣ ሰፈሩ ነው። የእድሩ ዳኛ ሳቁን በመዳፉ ሸፍኖ «እትዬ፣ እድራችን የቆመው ለሞት ነው። ሰው ሲሞት ይምጡ» አላት።

ቤቷ ገብታ ያለቀሰች ከመሰለህ ሴቲቱን አታውቃትም። ቁጭ ብላ ያንን «ሰው ሲሞት ይምጡ» የሚለውን ቃል እንደ ጥጥ ስታባዝተው ቆየች። አባዝታ አባዝታ ክሩ ሲወጣላት ነጠላዋን አጣፍታ ወደ እድሩ ጥሩምባ ነፊ ቤት ሄደች።

«ተነሥና ንፋ» አለችው።

«ማን ሞተ?»

«ማንም አልሞተም።»

«ታዲያ ምን ብዬ ልንፋ?»

«ምንም አትበል። አንተ ንፋ፣ ንግግሩን ለኔ ተወው።»

«ሰው ሳይሞት ብነፋ ያባርሩኛል እማማ።»

ጥሩምባውን ከተሰቀለበት አውርዳ ደጁ ላይ ቆማ ራሷ ነፋችው። የወጣውን ድምፅ እንኳን ሰው ውሻም አልለየውም። ጥሩምባ ነፊው ጆሮውን ይዞ ወጣ። «ይስጡኝ እባክዎ። በኔ ጥሩምባ ላም ስታምጥ ሰፈሩ ከሚሰማ ብባረር ይሻለኛል» አለና ተቀብሎ እንደ ደንቡ ነፋው።

ያ ጥሩምባ ሲነፋ የቀረ ይቀጣልና ሁሉም ወጣ። ድንኳኑ መጣ፣ አግዳሚው መጣ፣ ብረት ድስቱ መጣ። ፈታይዋ በብረቱ በር ፊት ቆማ «እዚህ ትከሉት» አለች። ለቅሶ ቤት ደጅ ቆሞ «ማን ነው የሞተው?» እያሉ መጨቃጨቅ በኛ ዘንድ ነውር ነው። መጀመሪያ ድንኳን ይተከላል፣ ወሬው ኋላ ይደርሳል። ወንዶቹ ካስማውን መቱ፤ ሴቶቹም መቀነታቸውን አጥብቀው ገቡ።

ያቺ «ዓይን ለዓይን እንተያያለን» ያለችው ጎረቤት ናት መጀመሪያ የጀመረችው። «ወይኔ ትርንጎ» ብላ ደረቷን መታች። «ያንን ክንዷን ይዛ ሄደች፣ ሳንደርስላት» አለች። ሌላዋ ተቀበለቻት፤ «በደወሉ ሰዓት ስታጥብ አይቻት የለ» ብላ ጮኸች። ጫማውን ሲያስር የነበረውም ፊቱን በነጠላ ሸፍኖ «ጩኸቷን ሰምቼ በሬን ዘጋሁ» እያለ አነባ። ድንኳኑ በትርንጎ ስም ተሞላ።

ፈታይዋ ያለቅሱ ዘንድ ተወቻቸው። ከዚያ እጇን አነሣች።

«ማን ነገራችሁ?» አለች። «እኔ የማንንም ስም አልጠራሁም። ጥሩምባውም ስም አልጠራም። በዚህ ሰፈር ስንት ሽማግሌ አለ፣ ስንት አልጋ የያዘ በሽተኛ አለ። ትርንጎ ናት የሞተችው ብሎ ማን ነገራችሁ?»

 መልሱን ሁሉም ያውቀው ነበር።

በዚህ መካከል የብረቱ በር ተከፈተ። እንግዳወርቅ ወጥቶ በደጁ የተተከለውን ድንኳን አየ። አፉን ሳይከፍት አንድ መንገደኛ ቀርቦ «እግዜር ያጽናህ» ብሎ አቀፈው።

«ምን ሆናችኋል? በኔ ቤት ማንም አልሞተም» አለ እንግዳወርቅ ሰውየውን እየገፋ።

የእድሩ ዳኛ ተነሣ። ያ ሳቁን በመዳፉ የሸፈነው ነው፤ አሁን ግን መዳፉ ዓይኑ ላይ ነበር። «ካልሞተች ደስ ይለናል። አውጣትና እንያት» አለው።

«የቤቴ ጉዳይ ነው።»

«ጥሩምባ ተነፍቶበታል» አለ ዳኛው። «አሁን የእድሩ ጉዳይ ነው።»

ትርንጎ ወጣች። የተጎነበሰች፣ የሰው ብዛት ያስደነገጣት ልጅ። ክንዷ ተሰብሮ በራሱ ገጥሟል፤ ጠማማ ሆኖ። ሲያለቅሱላት የነበሩት ሴቶች ቆማ ሲያዩዋት እጃቸው ደረታቸው ላይ እንዳለ ቀረ። ፈታይዋ እንዲህ አለቻቸው፤ «ስትሞት ደረታችሁን የምትመቱበት እጅ ይኸው አላችሁ። ሳትሞት በሩን ምቱበት።»

ፖሊስ ተጠራ። «ምስክር አለ?» አለ የመጣው ፖሊስ። አንድ ድንኳን ሙሉ ሰው ተነሣ። እንግዳወርቅ ቃሉን ሰጥቶ ቀጠሮ ተቆረጠለት፤ ጉዳዩም ወደ ፍርድ ቤት ሄደ፣ እሱን ለዳኞች እንተወው። አንድ ሰው «ልጅቷን ሩቅ ከተማ ማሳደጊያ እናስገባት» አለ። ያን ጊዜ ፈታይዋ ከሁሉ አስቀድማ ትርንጎን ጠየቀቻት። እዚያ ሰፈር ከመጣች ወዲህ ልጅቷን ስለ ራሷ ሰው ሲጠይቃት ይህ የመጀመሪያው ነው። «የት ትሄጃለሽ?»

ትርንጎ አጥሩን አየች። «የእንዝርቱ ድምፅ ጋ» አለች።

እንዲሁም ሆነ፤ ፖሊሱም ጉዳዩ እስኪታይ ብሎ በእድሩ ፊት ፈቀደ። ክንዷን ሐኪም የሚያሳያት፣ ደብተር የሚገዛላት፣ ፈታይዋ ስትታመም የሚያበላት ሰው እዚያው ድንኳን ውስጥ ተመደበ። ድንኳኑ የተነሣው ይህ ካለቀ በኋላ ነው።

እንግዲህ ልጄ፣ አዲሱ ዳኛ፣ ያ ሰፈር ያንተ ሰፈር ነው፤ ያ ድንኳንም ዛሬ የዕቃ ቤቱን ቁልፍ ይዘህ የምትዞርለት ድንኳን ነው። መንግሥት ደግ ነው፣ ሲጠሩት ይመጣል፤ ነገር ግን በአጥር ሥር የተቀመጠ ጆሮ የለውም። ጆሮው አንተ ነህ፣ ጎረቤትህ ነው፣ ጫማውን የሚያስረው ነው። ማንን እንደምትቀብሩ አስቀድማችሁ የምታውቁ ከሆነ፣ ማንን እንደምታድኑ አናውቅም አትበሉኝ። አሁን ሂድና ጥሩምባው ለቁም ሰውም እንደሚነፋ ለአባሎችህ ንገር። የሚስቅ ካለ እኔ ዘንድ ላከው።

ፈታይዋ ወዴት ደረሰች ብለህ አልጠየቅኸኝም፤ እኔ ግን እነግርሃለሁ። በማግስቱ ጠዋት ቀሚሷን ለወጠች፣ ፀጉሯን ተሠራች፣ የትርንጎን ደኅነኛ እጅ ይዛ ወጣች። ወደ ትምህርት ቤቱ በጓሮ በኩል አቋራጭ ነበረ፤ እሷ ግን በዋናው መንገድ ዞራ በብረቱ በር ፊት ሄደች። እንግዳወርቅ ካስማው የተተከለበትን ጉድጓድ በእግሩ እየደፈነ ነበር። ደወሉ ሊደወል ትንሽ ቀርቶታል፤ ቢሆንም ቆመች።

«እንደምን አደርክ እንግዳወርቅ» አለችው። «ልጄን ትምህርት ቤት ላደርስ ነው።»